ፈረሱን ያቆየው ማኅበር

ከባሕር ዳር ተነስቶ በመራዊ፣ በወተት አባይ፣ በዱርቤቴ፣ በዳንግላና በአዲስ ቅዳም አልፎ እንጅባራ የሚደርሰው መንገድ 120 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። አገር ሰላም በሆነበት ዓመት፣ ጥምቀት አልፎ ጥር ሊገባደድ ሲል፣ ይህ መንገድ በእንግዳ ይሞላል፤ ጥር 23 ቀን የሰባት ቤት አገው ፈረሰኞች ማኅበር ዓመታዊ በዓል ነውና። የቴሌቪዥን ካሜራ በዚያ ቀን የሚያሳየን ሽምጥ የሚጋልብ ፈረስ፣ ያጌጠ ኮርቻና ሜዳ የሞላ ሕዝብ ነው። ስለዚህም ብዙዎቻችን ነገሩን የምናውቀው በትርኢትነቱ ነው። ሜዳው ላይ የተሰበሰበው ግን አንድ ተቋም ነው። ማኅበሩ ዕድሜውን የሚቆጥረው ከ1932 ዓ.ም. ጀምሮ ሲሆን 80ኛ ዓመቱን በ2012 ዓ.ም. አክብሯል። በመካከሉ ጠላት ወጥቷል፣ ንጉሠ ነገሥት ወርዷል፣ መሬት ለአራሹ ታውጇል፣ ወታደራዊ መንግሥት መጥቶ ሄዷል፣ ክልልና የብሔረሰብ አስተዳደር ተዋቅሯል። ፈረስም ከጦር ሜዳ ወጥቷል። ታዲያ ለዘማች ፈረሰኛ መታሰቢያ የቆመ የገጠር ማኅበር፣ ፈረስ በማይዘምትበት ዘመን እንዴት አባላቱን በአሥር ሺዎች የሚቆጥር ድርጅት ሊሆን ቻለ? የእኔ መከራከሪያ ማኅበሩን ያቆየው አባላቱ ዓመቱን ሙሉ እርስ በርሳቸው የተሸከሙት ግዴታ ነው የሚል ነው። የጥር 23 ሜዳ የዚያ ግዴታ ፍሬ ነው፤ ግዴታው ከላላ ሜዳውን በገንዘብና በማስታወቂያ ማቆየት አይቻልም።

የአገው ምድር ፈረሰኛ ከማኅበሩ በፊት ረጅም ታሪክ ነበረው። አንከሻ፣ አዘና፣ ባንጃ፣ ጫራ፣ ኳኩራ፣ መተከልና ዚገም የሚባሉት ሰባቱ ቤቶች ከላስታ መጡ በሚባሉ ሰባት ወንድማማቾች ይቆጠራሉ፤ የታሪክ ምሁሩ ታደሰ ታምራትም ይህን ትውፊት መርምረው ጽፈውበታል። እንጅባራ ከባሕር ጠለል በላይ በ2,500 ሜትር ገደማ ላይ የምትገኝ፣ ዝናብ የማይጎድላት፣ ሣሯ ለምለም የሆነ ደጋ ናት። በቆላው ፈረስን የሚፈጀው በሽታ እዚህ ያን ያህል አይበረታም። ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ እ.ኤ.አ. በ1770 ግሽ ዓባይን ሊያይ በዚህ አገር ሲያልፍ፣ አገዎች ለጎንደር ከተማ ከብት፣ ማር፣ ቅቤና እህል አቅራቢዎች መሆናቸውን፣ ኃይላቸውን ሁሉ አውጥተው ሲሰለፉም 4 ሺህ ፈረሰኛና ብዙ እግረኛ እንደሚያቆሙ ጽፏል። የፈረሰኛው ባህል ከጣና ዳርም ተለይቶ አያውቅም። ከሰቀላ የሚነሳው ግልገል አባይ ወደ ጣና ይፈስሳል፤ በሐይቁ ዳር የሚኖሩት ወይጦዎች የሚያድኑት የጉማሬ ቆዳ ደግሞ ለጋሻና ለአለንጋ ይውል ነበር። ፈረሰኛውን ጀግና ያለው ኅብረተሰብ የጋሻውን ቆዳ ያቀረበለትን ወይጦ፣ ልጓሙን የቀጠቀጠለትንና ኮርቻውን በቆዳ የለበጠለትን ባለሙያ ለዘመናት ሲንቅ መኖሩ ይህ ታሪክ ሲነገር መዘለል የሌለበት በደል ነው።

በ1888 ዓ.ም. ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት የጎጃምን ጦር ይዘው ወደ ዓድዋ ሲዘምቱ የአገው ምድር ፈረሰኛም አብሮ ዘመተ። ማኅበሩ ከአርባ አራት ዓመት በኋላ ሲመሠረት የቆመው ለእነዚያ ዘማቾችና ለፈረሶቻቸው መታሰቢያ ነው። ለእንስሳ መታሰቢያ ማቆም ለባዕድ ግራ ሊሆን ይችላል። በእኛ አገር ግን የጦር መሪ ስሙ የሚገነው በፈረሱ ነው። ምኒልክ አባ ዳኘው፣ አሉላ አባ ነጋ፣ ባልቻ አባ ነፍሶ ተብለው የተጠሩት ሰውና ፈረስ አንድ ስም፣ አንድ ክብር ስለሚጋሩ ነው። የአገው ፈረሰኞች ይህን የመኳንንት ልማድ ለተራው ዘማችም አደረጉት። በዓድዋ የወደቀ ባላገር ሐውልት አልቆመለትም፣ የታሪክ መጽሐፍም ስሙን አልያዘለትም። ልጁና የልጅ ልጁ በየዓመቱ ፈረስ ጭኖ ሲወጣ ግን መታሰቢያው በቤተሰቡ እጅ ይቆያል፤ መታሰቢያውን የሚያቆም መንግሥት ወይም ባለጠጋ መጠበቅ አላስፈለገውም።

አሁን ወደ ምሥረታው ዓመት እንምጣ፤ ዓመቱ ራሱ ብዙ ይናገራል። 1932 ዓ.ም. ከማይጨው ጦርነት በኋላ አራተኛው ዓመት ነው። ጣሊያን ጎጃምን ከጎንደርና ከሌሎች ጋር አጣምሮ መቀመጫው ጎንደር በሆነ አንድ ግዛት ሥር አድርጎታል፤ ዳንግላ፣ እንጅባራ፣ ቡሬና ባሕር ዳር ወታደር ሰፍሮባቸዋል። በምሥራቅ ጎጃም በላይ ዘለቀ፣ በምዕራቡ በኩል እነ ነጋሽ በዛብህና እነ መንገሻ ጀምበሬ በአርበኝነት ጫካ ናቸው። በዚያው ዓመት በነሐሴ እንግሊዛዊው ኮሎኔል ሳንድፎርድ አርበኞቹን ሊያገኝ በሱዳን በኩል ጎጃም ገባ። ጥር 1933 ላይ ዓፄ ኃይለ ሥላሴ በኦሜድላ አድርገው ወደ አገራቸው ተመለሱ፤ በየካቲት እንጅባራ የነበረው የጣሊያን ጦር ለቅቆ ሄደ፤ የዳንግላው ደግሞ ወደ ባሕር ዳር አፈገፈገ። እንግዲህ ማኅበሩ የተቋቋመው ጣሊያን ከአገው ምድር ከመውጣቱ ከዓመት ብዙም ባልበለጠ ጊዜ ቀደም ብሎ ነው። ጣሊያን የተሸነፈበትን ጦርነት በጣሊያን አገዛዝ ሥር ለመዘከር መሰባሰብ ተራ ነገር አልነበረም።

አንድ ጠንቃቃ አንባቢ እዚህ ላይ ሊያስቆመኝ ይችላል። ጣሊያን ሕዝቡን በዘር ከፋፍሎ መግዛት ይፈልግ ስለነበር የአንድን ብሔረሰብ ባህላዊ ስብስብ ቢያይ ላይከፋው ይችል ነበር፤ ስለዚህ ምሥረታውን ሁሉ አርበኝነት ማለት ማጋነን ነው ሊል ይችላል። ሐሳቡ ቀላል አይደለም፤ ወራሪው በእርግጥም እንዲህ ያለ ስሌት ነበረው። ነገር ግን አንድን ተቋም ለመመዘን የገዢው ስሌት ብቻውን አይበቃም፤ አባላቱ ምን ሊያስታውሱ ተሰበሰቡ የሚለው ይበልጣል። እዚህ የተመረጠው መታሰቢያ የአገው ብቻ የሆነ ድል አይደለም፤ ከሸዋ፣ ከትግራይ፣ ከወሎ፣ ከሐረርና ከወለጋ የመጣው ሁሉ አብሮ የተዋጋበት ድል ነው። ለመከፋፈል የሚመች መታሰቢያ ቢፈለግ ዓድዋ ከሁሉ የባሰው ምርጫ ነበር።

ምሥረታው በዚያ ክፉ ጊዜ የተቻለው በቅርጹም ምክንያት ይመስለኛል። ባላገሩ ስብሰባ የሚያውቀው በማኅበር ነው። የጽዋ ማኅበር በአንድ ቅዱስ ስም በየወሩ ይሰበሰባል፤ ጽዋው በተራ ከቤት ቤት ይዞራል፤ ሙሴ አለው፣ ደንብ አለው፣ የቀረ ይቀጣል፣ የታመመ ይጠየቃል፣ የሞተ ይቀበራል። እድር ደግሞ የዚሁ የቅርብ ዘመድ ነው፤ ብዙ አጥኚዎች የከተማ እድርን መስፋፋት ከጣሊያን ወረራና ከዚያ ወዲያ ካሉት ዓመታት ጋር ያያይዙታል። ይህ አጋጣሚ ብቻ አይደለም። የአገር አስተዳደር ሲፈርስ፣ አለቃው ሲሸሽ ወይም ለጠላት ሲያድር፣ ሰው መልሶ የሚይዘው በመሐላና በመዋጮ የሚታሰረውን ትንሹን ስብስብ ነው። ፈረሰኞቹ ይህን የታወቀ ቅርጽ ወስደው ጽዋውን በፈረስ ተኩት። የአባልነቱ ምልክት ተገርቶ፣ በልቶና ተጭኖ የቆመ ፈረስ ሆነ። ይህ ምልክት ከጽዋ ይልቅ ውድ ነው፤ በየቀኑ ሣር ይበላል፣ ውኃ ይጠጣል፣ ይታመማል። አባልነት በስም ብቻ የሚያዝ ነገር እንዳይሆን ያደረገው ይህ ይመስለኛል።

የቀኑ ምርጫም ከዚሁ ሐሳብ ጋር ይሄዳል። የዓድዋ ድል የካቲት 23 ነው፤ ማኅበሩ ግን የሚያከብረው ጥር 23 ነው። ሁለቱም የቅዱስ ጊዮርጊስ ቀን ናቸው፤ ዓድዋ ላይ ታቦቱ አብሮ የዘመተው፣ በሥዕል ሁሉ በነጭ ፈረስ ላይ የምናየው ሰማዕት። ታዲያ ወሩ ለምን ቀደመ? የቀን መቁጠሪያው አንድ በቂ ምክንያት ይሰጣል። ዐቢይ ጾም ከየካቲት 1 ቀን ቀድሞ አይገባም፤ ዘግይቶ ቢገባ እስከ መጋቢት 5 ይደርሳል። ስለዚህ የካቲት 23 ብዙውን ጊዜ ጾም ውስጥ ይወድቃል፤ ጥር 23 ግን መቼም ቢሆን ከዐቢይ ጾም ውጭ ነው። በጾም ሠርግ የለም፣ ሥጋ የለም፣ ዘፈንና ጭፈራ የለም። በጥር ደግሞ አውድማው ተነስቷል፣ ጎተራው ሞልቷል፣ ገበሬው ከሥራ አርፏል፣ ፈረሱም ከመኸር በኋላ ባለው ግጦሽ ሥጋ አንስቷል። በጀርመንና በሌሎች የአውሮፓ አገሮች ካርኒቫል የሚባለው በዓል ከዐቢይ ጾም በፊት ባሉት ቀኖች የሚውለው በተመሳሳይ ምክንያት ነው። ሁለት የማይተዋወቁ የገበሬና የከተሜ ማኅበሮች ከአንድ የክርስትና አቆጣጠር የተነሳ አንድ ዓይነት ወቅት መምረጣቸው ብዙም አያስገርምም።

ግዴታው ምን እንደሚመስል ለማየት ከበዓሉ ቀን ወጥቶ በተራው ወር መመልከት ያስፈልጋል። የማኅበሩ ፈረሰኛ በሠርግ ሙሽራ ያጅባል፣ በጥምቀትና በንግሥ ታቦት ይከተላል፣ በለቅሶ ሟችን ያከብራል፤ ጎረቤት ሲጣላም ከአስታራቂዎቹ ጋር ይቀመጣል። ከእነዚህ ሁሉ ትልቁ ለቅሶ ነው። አባል ሲሞት ፈረሰኞቹ ከየቀበሌው ይጠራሉ፤ መርዶው የደረሰው ሁሉ ፈረሱን ጭኖ ይመጣል። ይህን ለማድረግ አንድ ሰው ፈረሱን በማንኛውም ቀን ዝግጁ አድርጎ ማቆየት አለበት፤ ሞት ቀጠሮ አይሰጥምና። ለአንድ የበዓል ቀን ብቻ ቢሆን ፈረስ መከራየት ወይም መዋስ ይበቃ ነበር። ማኅበሩ ለጥር 23 በሺህ የሚቆጠር ፈረስ ማሰለፍ የሚችለው በቀሩት የዓመቱ ቀኖች ፈረሱን በየቤቱ የሚያቆይ ምክንያት ስላለ ነው። እዚያ ሜዳ የሚቆም ወጣትም ጉግስን በሥልጠና ማዕከል አልተማረም፤ ከአባቱና ከአጎቱ ጋር ለቅሶ ሲሄድ፣ ሙሽራ ሲያጅብ ለመደው።

ጉግሱን ራሱን ቀረብ ብሎ ያየ ሰው ይህ ልምምድ ለምን በአንድ ቀን እንደማይገኝ ይገባዋል። ሁለት ወገን ይሆናሉ፤ አንዱ ይሸሻል፣ ሌላው ያሳድዳል። አሳዳጁ በሽምጥ እየጋለበ የያዘውን ዘንግ ይወረውራል፤ የሚሸሸው ፊቱን ሳያዞር ጋሻውን ወደ ጀርባው መልሶ ይመክታል፣ ወይም አንገቱን ደፍቶ በፈረሱ ጎን ይጋደማል። ከዚያ ይዞራሉ፤ የሸሸው አሳዳጅ፣ ያሳደደው ተሳዳጅ ይሆናል። ጋላቢው ሁለት እጁ በዘንግና በጋሻ ስለሚያዝ ፈረሱን የሚመራው በአብዛኛው በጉልበቱና በሰውነቱ ዘንበል ማለት ነው። ኮርቻው ከእንጨት ተጠርቦ በቆዳ የተለበጠ፣ ከፊትም ከኋላም ከፍ ያለ ስለሆነ ወገቡን ይደግፈዋል። በድሮው እርካብ የሚገባው የእግር አውራ ጣት ብቻ ነበር፤ ሚዛኑ የሚጠበቀው በዚያች ትንሽ ቀለበት ነው። በላዩ ግላሱ፣ በአንገቱና በግንባሩ ላይ የተንጠለጠለው ቀይ፣ ቢጫና አረንጓዴ የክር ጉንጉን ይጨመራል። ካሜራው የሚወደው ይህን ጌጥ ነው። እኔ ግን ዓይኔን የሚስበው ከኮርቻው ሥር የተነጠፈው ማለዘቢያ ነው፤ ያ ከሳሳ የፈረሱ ጀርባ ይላጣል፣ ጀርባው የተላጠ ፈረስ ደግሞ ለሚቀጥለው ለቅሶ አይደርስም። ማኅበሩ የባለቤቱን ጥንቃቄ የሚመዝነውም በጌጡ ሳይሆን በፈረሱ ጀርባ ቢሆን እወዳለሁ።

በዓልን በማኅበር ማቆየት በዓለም ላይ የእኛ ብቻ አይደለም፤ ከሁሉ የቀረበ ንጽጽር የማገኘውም በጀርመን ነው። የኮሎኝን ከተማ ፈረንሳዮች እ.ኤ.አ. በ1794 ያዙ፤ በ1815 ደግሞ ፕሩስያ ወሰደቻት። በ1823 የከተማዋ ሰዎች የተበታተነውን ካርኒቫላቸውን የሚያደራጅ ኮሚቴ አቋቁመው ሰልፍ አወጡ። በዚያው ዓመት የተመሠረተው ‘ሮተ ፉንከን’ የተባለው ማኅበር በፈረንሳይ ዘመን የፈረሰውን የድሮ የከተማ ዘብ መለዮ ለብሶ ይወጣል፤ እስከ ዛሬም አለ። የውጭ አገዛዝ፣ የጠፋ ሠራዊት፣ የልብሱንና የመሣሪያውን ትዝታ የተረከበ ማኅበር፤ ከእንጅባራው ጋር ያለው ተመሳሳይነት ግልጽ ነው። ልዩነቱም እንደዚያው ግልጽ ነው። የኮሎኞቹ ‘ወታደሮች’ በሠራዊትና በሥልጣን ላይ ይቀልዳሉ፤ የአገው ፈረሰኛ አያቱን ያከብራል፣ በዓድዋ ላይ አይቀልድም። በደቡብ ጀርመን ባለችው ሮትቫይል ደግሞ የካርኒቫል ጭምብል ማን፣ መቼና እንዴት እንደሚለብስ የሚወስነው የከተማዋ የጭምብል ማኅበር ነው፤ ቱሪስት ስለፈለገ በሌላ ወር አይወጣም። የአካባቢው ማኅበሮች በ1924 አንድ ኅብረት መሥርተው ነበር፤ ሮትቫይልን ጨምሮ ጥቂት ጥንታዊ ከተሞች ግን ኅብረቱ እየሰፋ ሲሄድ በ1950ዎቹ ተለይተው ወጡ፣ በ1963ም የራሳቸውን የአራት ከተሞች ኅብረት አቆሙ። ከእነርሱ የምወስደው ትምህርት ቀንና ደንብን የመወሰን መብት ከማኅበሩ እጅ እንዳይወጣ መጠበቅ እንዳለበት ነው።

በመከራከሪያዬ ላይ የሚነሳው የመጀመሪያው ጠንካራ ተቃውሞ፣ ፈረስ ጊዜው አልፎበታል፤ መንገዱን ባጃጅና አይሱዙ ይዞታል፤ ማኅበሩ ወደ ትርኢት መለወጡ የማይቀር ስለሆነ ይህን ለውጥ ማፋጠን እንጂ መከላከል ሞኝነት ነው የሚል ነው። ባሕር ዳር ላይ ቆሞ ላየው ይህ እውነት ይመስላል። ነገር ግን ኢትዮጵያ ውስጥ ዛሬም ከ2 ሚሊዮን በላይ ፈረስ አለ፤ አፍሪካ ውስጥ ይህን ያህል ያለው ሌላ አገር የለም። እንጅባራ ባለችበት በአዊ ደጋ ፈረስ እህል ወደ ገበያ ያደርሳል፣ ጋሪ ይስባል፣ የታመመ ሰው መኪና እስከሚገባበት መንገድ ይወስዳል። ፈረሱ ከጦር ሜዳ መውጣቱ ከኑሮ ወጥቷል ማለት አይደለም። ኮሎኝም ሌላ ነገር ታሳያለች፤ ዕቃው ከጥቅም ውጭ ከሆነ በኋላ እንኳ ማኅበሩ በአባላቱ መካከል ያለውን መረዳዳትና መሰባሰብ ከጠበቀ ሁለት መቶ ዓመት ይኖራል። ትርኢት ብቻ የሆነ ነገር ግን ተመልካች እስካለው ድረስ ነው፤ መንገድ በተዘጋበትና እንግዳ ባልመጣበት ዓመት ይቀራል። ባለፉት ጥቂት ዓመታት የአማራ ክልል በጦርነት ያየው መከራ ይህን ሊያስረዳን ይበቃል። እንግዳ ሳይኖር ሊከበር የሚችል በዓል ብቻ ነው ክፉ ዘመን የሚሻገረው።

ሁለተኛው ተቃውሞ የበለጠ ያሳስበኛል። በብሔረሰብ ስም የተደራጀ፣ ጦርነትን የሚዘክር፣ በሺህ የሚቆጠር ወንድ በፈረስ የሚያሰልፍ ማኅበር፣ ፖለቲካችን በተካረረበት በዚህ ጊዜ ሌላውን ማስፈራሪያ አይሆንም ወይ? ማኅበር በራሱ መተዳደሩ ብቻ ከዚህ አይጠብቀውም፤ የጀርመን ታሪክ ራሱ ምስክር ነው። እ.ኤ.አ. በ1935 የኮሎኝ የካርኒቫል ማኅበሮች ናዚዎች ድርጅታቸውን ሊወስዱባቸው ሲሞክሩ እምቢ ብለው አስተዳደራቸውን አስከብረዋል፤ ይሁን እንጂ ከዚያ በፊት በ1934 በሰልፋቸው ላይ ከአገር በሚወጡ አይሁዶች ላይ የሚሳለቅ ጋሪ ወጥቶ ነበር። ነፃነታቸውን የጠበቁት ሰዎች የጎረቤታቸውን ክብር አልጠበቁም። በእኛው ዘመንም በታኅሣሥ 2012 ዓ.ም. ዩኔስኮ በቦጎታ ባደረገው ጉባኤ ጥምቀትን በማይዳሰሱ ቅርሶች መዝገብ ሲያሰፍር፣ በዚያው ጉባኤ የቤልጂየሙን የአልስት ካርኒቫል በአይሁድ ጥላቻ ምክንያት ከመዝገቡ ሰርዟል፤ እንዲህ ያለ ስረዛ የመጀመሪያው ነበር። ስለዚህ የማኅበሩ መሪዎች ሊጠብቁት የሚገባው ትልቁ ሀብት የመታሰቢያው ይዘት ነው። ዓድዋ ማንንም የአገር ልጅ ጠላት አያደርግም። መድረኩ የአንድ ፓርቲ፣ የአንድ ወሰን ጥያቄ ወይም የአንድ ወቅት ቂም ማሰሚያ በሆነ ቀን ግን ፈረሱም ኮርቻውም ያው ሆኖ ማኅበሩ ሌላ ነገር ይሆናል። ሰባቱ ቤቶች አንዱ አንዱን ሳይውጥ አብረው ለመሰለፍ የለመዱት ሥርዓት እዚህ ሊረዳ ይችላል፤ እስካሁን አንድ አድርጎ ያቆያቸው እርሱ ነውና።

ከመንግሥትና ከቱሪዝም የሚመጣውን ድጋፍ በጥርጣሬ የማየው ይመስል ይሆናል። ድጋፉ ያስፈልጋል። በዓሉን በዩኔስኮ ለማስመዝገብ ሲደረግ የቆየውን ጥረትም አልቃወምም፤ መስቀል በ2006፣ ፊቼ ጨምበላላ በ2008፣ የገዳ ሥርዓት በ2009፣ ሹዋሊድ በ2016 ዓ.ም. ተመዝግበዋል፤ የአገው ፈረሰኞች ማኅበር ከእነርሱ ጋር የማይሰለፍበት ምክንያት የለም። የምፈራው ድጋፉ የሚያርፍበትን ቦታ ነው። ለመድረክ፣ ለድምፅ ማጉያ፣ ለቲሸርትና ለእንግዳ ማረፊያ የሚወጣው ገንዘብ በአንድ ቀን ያልቃል። ከባሕር ዳር የሚሄድ ባለሥልጣን በክብር ወንበር ተቀምጦ ንግግር ሲያደርግ ፈረሰኛው ፀሐይ ላይ እንዲጠብቅ ከተደረገ፣ የበዓሉ ባለቤት ማን እንደሆነ ወጣቱ በዓይኑ ይማራል። የውድድር ሽልማትም አደጋ አለው፤ ብር ለፈጣኑ ፈረስ ብቻ ከተሰጠ ባለሀብቱ ፈጣን ፈረስ ገዝቶ ያሸንፋል፣ በየለቅሶው ሲደክም የኖረው ፈረስ ግን ከተመልካች ተራ ይገባል። ዩኔስኮ እ.ኤ.አ. በ2003 ያጸደቀው ስምምነት ቅርስን ቅርስ የሚያሰኘው የባለቤቱ ኅብረተሰብ ዕውቅና እንደሆነ፣ በጥበቃውም ኅብረተሰቡ እንዲሳተፍ ይደነግጋል፤ ያንን ድንጋጌ በቁም ነገር የወሰደ ድጋፍ ገንዘቡን ከሜዳው ይልቅ ወደ ፈረሱ ጋጥ ይልካል።

ምክንያቱም እውነተኛው አደጋ ያለው እዚያ ነው። ፋግታ ለኮማን በመሳሰሉ የአዊ ወረዳዎች ባለፉት ሦስት ዐሥርተ ዓመታት ዲከረንስ የሚባለው የግራር ዘር የእርሻ መሬቱንም ግጦሹንም ሸፍኖታል። ገበሬው ከሰል አክስሎ ይሸጣል፤ ከሰሉ እስከ አዲስ አበባ ይጫናል። ይህን ያደረገው ገበሬ ተሳስቷል ማለት አይቻልም፤ አሲዳማ ሆኖ ምርቱ የወረደበትን መሬት መልሶ ገንዘብ አድርጎታል፣ ቤቱን ቆርቆሮ አልብሷል፣ ልጁን አስተምሯል። ዛፉ በበሽታ መመታት ሲጀምር ደግሞ ኑሮው በአንድ ተክል ላይ መንጠልጠሉ ምን ያህል አስጊ እንደሆነ ታይቷል። ፈረሱ ግን ከዛፉ አላተረፈም፤ ድሮ በወል ሜዳ ይግጥ የነበረው ዛሬ ጓሮ ታስሮ በታጨደ ሣርና በገለባ ይቆያል። መኖ የሚገዛለት ፈረስ የሀብታም ፈረስ ነው። ድሃው አባል ፈረሱን ሲሸጥ የሚቀረው መዋጮውና ስሙ ብቻ ነው፤ ከጥቂት ዓመት በኋላም ልጁ መጋለብ ሳይችል ያድጋል። የእንስሳት ሐኪሙም እንደዚያው ነው፤ በገጠር የእንስሳት ጤና ኬላ ለላምና ለበግ የሚደርሰው መድኃኒት ለፈረስ አይደርስም፣ የሰኮና ሥራ የሚያውቅ ባለሙያም በየቀበሌው አይገኝም።

ስለዚህ ለዩኔስኮ የሚቀርበው የምዝገባ ሰነድ ሲዘጋጅ ከጉግሱ ፎቶግራፍና ከበዓሉ መግለጫ ጋር በእያንዳንዱ ወረዳ የቀሩት የወል ግጦሽ መሬቶች ስማቸው፣ ስፋታቸውና ወሰናቸው ተለክቶ ሊሰፍርበት ይገባል። ማኅበሩም የወረዳው የመሬት አስተዳደር ጽሕፈት ቤት የወል መሬት ለሌላ አገልግሎት ሲሰጥ አስቀድሞ የሚጠየቅ አካል ሊሆን ይገባዋል። በባሕር ዳር የሚያዘው የክልሉ የባህልና ቱሪዝም በጀት ውስጥ ለጥር 23 የተመደበው ገንዘብ ከፊሉ ለፈረስ ክትባት፣ ለሰኮና ባለሙያና ለኮርቻ ሠሪዎች ሥልጠና ቢዞር ደግሞ፣ ማኅበሩ ከ1932 ጀምሮ ብቻውን ሲሸከም የኖረውን ወጪ መጋራት ይሆናል።